ካሜራ ፊት ለመቆም ለምትዘጋጁ ወጣቶች፦ ጥያቄና መልስ

ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ ቡና ይዤ በተቀመጥሁ ቁጥር ጀማሪ ተዋንያን መጥተው ይጠይቁኛል። ረዳት አዘጋጅ ሆኜ ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ፤ ተዋናይ መርጫለሁ፣ አለማምጃለሁም። ሰሞኑን የቀረቡልኝን ጥያቄዎች አሰባስቤ መልሻለሁ።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ዕድሜዬ 22 ነው፤ የተመረቅሁት በአካውንቲንግ ነው። ቴአትር ሳልማር ፊልም ላይ መሥራት እችላለሁ?

መልስ፦ ትችላለህ። ከአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ዮፍታሔ ንጉሤ የቴአትር ጥበባት ትምህርት ቤት የወጡ ልጆች ስክሪፕት በማንበብና ገጸ ባሕርይን በመተንተን ይቀድሙሃል፤ ይህን ተቀበልና ለማንበብ ጊዜ ስጥ። ሌላውን በሥራ ትደርስበታለህ።

ጥያቄ፦ ኦዲሽን ላይ የሚፈለገው ምንድን ነው? አራት ጊዜ ሄጄ አራቱንም ጊዜ «እንደውላለን» ተብዬ ቀረሁ።

መልስ፦ አይዞሽ እህቴ። ያንን ቃል እኔም ለብዙ ልጆች ተናግሬዋለሁ፤ ስናገረው ግን ቀሎኝ አያውቅም። ቃለ ተውኔቱን በቃል መያዝሽን አልጠራጠርም፤ ሁሉም ይዞ ነው የሚመጣው። እኔ የማየው ሌላው ሰው ሲናገር አንቺ ምን እንደምትሆኚ ነው። ብዙ ጀማሪ ተራው እስኪደርስ ይጠብቃል እንጂ አያዳምጥም። መድረክ ላይ ቢሆን ከኋላ የተቀመጠው ሰው ላያውቅበት ይችላል። በቅርበት ሲቀረጽ ግን ዐይንሽ የሲኒማ ቤቱን ግድግዳ ያህላል፤ የማይሰማ ዐይን ወዲያው ይታወቃል።

አንድ ቀን ለአጭር ሚና ልጆች ስንመርጥ ዋልን። ትዕይንቱ ልጅ ከትምህርት ቤት ስትመለስ እናቷ የአባቷን መርዶ የምትነግርበት ነው። እናት ሆና የምታነበው ባልደረባዬ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ተቀምጣለች። የመጡት ሁሉ ሰላም ብለው ገብተው፣ ቦርሳቸውን አስቀምጠው፣ መርዶው ሲነገራቸው ጮኹ። ጩኸታቸው መጥፎ አልነበረም። ወደ ማምሻው ላይ የገባች አንዲት ልጅ ግን ገና ከበሩ ነጠላውን አየችና እግሯ ቆመ። ቦርሳዋን እንኳ አላወረደችም። ባልደረባዬ ቀጥላ የምታነበው እስኪጠፋት ድረስ ልጅቷ ዝም አለች። ልጅቷ ከዚያ በኋላ አንድ መስመር ስታለች፤ ሚናውን ግን ለእሷ ሰጠናት። እንግዲህ በሚቀጥለው ጊዜ ስትገቢ ክፍሉን እዪው፤ የሚያነብልሽን ሰው ስሚው።

ጥያቄ፦ ቁመቴ አጭር ነው፣ ግንባሬ ላይም ጠባሳ አለኝ። ተስፋ አለኝ?

መልስ፦ አለህ። ቁመትን ካሜራው የተቀመጠበት ከፍታ ይቀይረዋል። ጠባሳህን ግን በምትልከው ፎቶ ላይ አትሸፍነው። አዘጋጁ በፎቶ ያየውን ሰው ነው በአካል የሚጠብቀው።

ጥያቄ፦ ሁለት ዓመት መድረክ ላይ ሠርቻለሁ። አሁን ፊልም ጀምሬ አዘጋጁ በየደቂቃው «ቀንስ» ይለኛል። ምኑን ነው የምቀንሰው?

መልስ፦ ድምፅህንና እጅህን። በ1927 ዓ.ም. ከተመሠረተው ሀገር ፍቅርም ሆነ በ1948 ዓ.ም. ከተከፈተው ብሔራዊ ቴአትር ትልልቅ ተዋንያን የወጡት ድምፃቸውን እስከ መጨረሻው ወንበር ማድረስ ተምረው ነው። ያንን ትንፋሽ አትጣለው፤ ይጠቅምሃል። ፊልም ላይ ግን ማይኩ ልብስህ ውስጥ ነው፣ ወይም ከራስህ በላይ ተንጠልጥሏል። የምታናግረው ፊት ለፊትህ የቆመውን አንድ ሰው ብቻ ነው።

መድረክ ያላስለመደህ ነገር ደግሞ አለ። አንዱ ትዕይንት መጀመሪያ ከሩቅ፣ ቀጥሎ በአንተ በኩል፣ ቀጥሎ በአጋርህ በኩል እየተደጋገመ ይቀረጻል። ስኒውን ያነሣኸው «መቼ መጣህ?» ስትል ከሆነ ሁልጊዜም እዚያው ቃል ላይ አንሣው፤ አለበለዚያ ኤዲተሩ ሁለቱን ምስል ማገናኘት ያቅተዋል። ቀረጻው በታሪኩ ቅደም ተከተል አይሄድም፤ የመጨረሻው ጠብ በመጀመሪያው ቀን ሊቀረጽ ይችላል። ስለዚህ ደብተር ያዝ። በየትዕይንቱ ከየት እንደመጣህ፣ እስከዚያ ሰዓት ምን እንደምታውቅና ምን ገና እንዳልሰማህ ጻፍ።

ጥያቄ፦ ሥራ በሌለኝ ጊዜ ቤት ውስጥ ምን ልለማመድ?

መልስ፦ የእጅ ሥራ ተማሪ። እ.ኤ.አ. በ2015 በፈረንሳዩ የካን ፊልም ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ በመግባት የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም የሆነው የያሬድ ዘለቀ «ላምብ» ዋና ገጸ ባሕርይ ወጥ መሥራት የሚችል ወንድ ልጅ ነው። እንዲህ ያለ ሚና ቢመጣ ሽንኩርት አከታተፍሽ ብቻ እውነቱን ያወጣዋል። ጀበና አጥቦ መጣድ፣ ጫማ መጥረግ፣ ጥጥ መፍተል፣ ጎማ መፍታት፣ ምንም ይሁን፤ እጅሽ ሳያስብ እስኪሠራው ድረስ ልመጂ።

ጆሮሽንም እንደዚያው። ከፒያሳ ሜክሲኮ በታክሲ ስትሄዪ ጆሮሽ ላይ የሰካሽውን አውጪና ሰው እንዴት እንደሚናገር ስሚ። የገጠር ሰው ሲሆኑ ጎጃምም ጎንደርም ወሎም ሸዋም የማይታወቅ አማርኛ የሚፈጥሩ ተዋንያን ያሳዝኑኛል። ያ ገበሬ አገር አለው፣ ቀበሌ አለው። ካገሩ የመጣ ሰው ፈልጊ፤ ቡና ጋብዢውና አስወሪው።

ጥያቄ፦ ተከታታይ ድራማ ላይ ክፉ ልጅ ሆኜ ሠራሁ። አሁን የሚመጣልኝ ሁሉ እሱው ነው፤ መንገድ ላይም የሚሰድቡኝ አሉ።

መልስ፦ ስድቡ ያማል፤ ግን አምነውሃል ማለት ነው፤ ቆመህ ሰላም በላቸው። የተደገመውን ሚና በተመለከተ ግን ኪስህ ከፈቀደ ቢያንስ ሁለቱን እምቢ በል። በመሀል ትንሽም ቢሆን የተለየ ሚና ፈልግ፤ የተማሪ አጭር ፊልም ይሁን፣ መድረክ ይሁን። የትርጉም ድራማ ድምፅ መቅረጽም አንዱ መንገድ ነው። ፊትህ ስለማይታይ አባትም ዳኛም መሆን ትችላለህ፤ ቃልህን ከሌላ ሰው ከንፈር ጋር ማስማማትም ትንፋሽህን ይገራልሃል።

ጥያቄ፦ ውል መፈረም ግዴታ ነው? ፕሮዲዩሰሩ የማውቀው ሰው ነው፤ «ቤተሰብ አይደለን እንዴ?» ይለኛል።

መልስ፦ ፈርሚ። ቤተሰብም ቤት ሲሸጥ ይፈራረማል። እኔ በወጣትነቴ አንድ ፊልም ላይ በቃል ተስማምቼ ሦስት ወር ሠርቼ ከቀብዱ በቀር ሳንቲም አላየሁም፤ የጠፋው ገንዘብ ሳይሆን እናቴን «ነገ ይከፍሉኛል» እያልኩ ያስጠበቅኋት ነው እስከ ዛሬ የሚቆጨኝ።

ውሉ ላይ የቀረጻው ቀን ብዛት ይጻፍ፤ ቀኑ ከተራዘመስ? ድምፅ ለማስተካከል እንደገና ብትጠሪስ? ሌሊት ሲያልቅ ቤትሽ ማን ያደርስሻል? የመጨረሻው ክፍያ ፊልሙ ሲወጣ ሳይሆን የመጨረሻው ቀረጻ ሳይጀመር ይሁን። ምስልሽ ለሸቀጥ ማስታወቂያ ይውል እንደሆነም ለይተሽ አጽፊ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 27 የሰው ምስል ያለ ፈቃዱ በአደባባይ እንዳይታይ፣ እንዳይባዛ፣ ለሽያጭም እንዳይቀርብ ይላል። አንቺ ግን «ለማንኛውም አገልግሎት» የሚል መስመር ላይ ከፈረምሽ ፈቃዱን በገዛ እጅሽ ሰጥተሻል። ወረቀቱን ወደ ቤት ወስደሽ እደሪበት። አንድ ሌሊት የማይታገስሽ ሰው ሲከፍልሽ እንዴት እንደሚሆን አስቢው።

ጥያቄ፦ ልጄ 16 ዓመቷ ነው። ለፊልም መርጠዋታል፤ እኔ ግን ፈራሁ።

መልስ፦ መፍራትዎ ተገቢ ነው፤ ግን አይከልክሏት፤ አብረዋት ይሂዱ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ዕድሜያቸው ከ15 እስከ 18 የሆኑ ወጣት ሠራተኞች በቀን ከ7 ሰዓት በላይ እንዳይሠሩ፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓትም እንዳይሠሩ ይከለክላል። ይህን ለፕሮዲዩሰሩ በትሕትና ይንገሩት። ስክሪፕቱን ሙሉውን ያንብቡ፤ የእሷን ክፍል ብቻ ቆርጠው ከሰጡዎት ቀሪውን ይጠይቁ። ፈተና ያለባትን ሳምንትም አስቀድመው ያስመዝግቡ።

ጥያቄ፦ ቲክቶክ ላይ ብዙ ተከታይ አለኝ። ይጠቅመኛል?

መልስ፦ ኦዲሽን ላይ ያስጠራሃል። ከዚያ በኋላ ያለውን ከላይ ተናግሬዋለሁ።

ጥያቄ፦ ዕንባ አይመጣልኝም። ነገ የለቅሶ ትዕይንት አለብኝ፣ እንቅልፍ አጣሁ።

መልስ፦ ለቅሶ ቤት ሄደሽ ታውቂያለሽ። ሰው ሁሉ ያለቅሳል? ድንኳኑ ሥር ውኃ የምታቀርበውን፣ ወንበር የምትቆጥረውን፣ እንግዳው ከወጣ በኋላ ጓዳ ገብታ በሩን የምትዘጋውን እህት አስቢያት። ላለማልቀስ የምትታገል ሴት ሁኚ። አዘጋጁ የግድ ዕንባ ካለ ሜካፕ የምትሠራውን ልጅ ጠይቂያት፣ ዕንባ የሚያስመጣ ነገር ይኖራታል፤ ነውር የለውም። አሁን ተኚ፤ ያበጠ ዐይን ሜካፕም አይሸፍነውም።