በጣሊያን ጉዞ ላይ ፓስታን በእጅ መሥራት መማር፦ ጥያቄና መልስ ከቦሎኛ

ቦሎኛ ከተማ ውስጥ ለመንገደኞች ፓስታ በእጅ መሥራት በሚያስተምር አንድ ወጥ ቤት በረዳትነት እሠራለሁ። ወደ ጣሊያን ለመሄድ ያሰቡ ብዙ ወገኖች ስለዚህ ትምህርት ስለሚጠይቁኝ፣ ዛሬ ሰፋ ያለ ጊዜ ወስጄ የቀረቡልኝን ጥያቄዎች በአንድነት እመልሳለሁ። ከሁሉ አስቀድሜ የማሳስበው፣ ገንዘብ ከመክፈላችሁ በፊት ሊጡን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚይዘው የማን እጅ እንደ ሆነ እንድትጠይቁ ነው።

ጥያቄ (ከአዲስ አበባ)፦ እኔና ባለቤቴ ሮምን፣ ፍሎረንስንና ቬኒስን ለማየት አቅደናል። አንድ ትምህርት ብቻ የምንወስድ ከሆነ የት ብንማር ይሻላል?

መልስ፦ በጣሊያን እያንዳንዱ ክልል የራሱ ማዕድ ስላለው፣ በደረሳችሁበት ከተማ የዚያኑ ከተማ ምግብ መማር ይመረጣል። ሮም ላይ በፔኮሪኖ አይብና በቁንዶ በርበሬ የሚሠራውን ካቾ ኤ ፔፔ፣ ኔፕልስ ላይ ፒዛን፣ ጄኖቫ ላይ በእብነ በረድ ሙቀጫ የሚወቀጠውን፣ ፔስቶ የተባለ የበሶብላ ስጎ ብትማሩ፣ አስተማሪያችሁ ከልጅነቱ ጀምሮ ሲበላና ሲያበስል ያደገውን ያሳያችኋል። ይሁንና ከፍሎረንስ ወደ ቬኒስ የሚሄደው ባቡር በቦሎኛ በኩል ያልፋል፤ በፈጣኑ ባቡር ከፍሎረንስ ቦሎኛ ለመድረስ 40 ደቂቃ ያህል ይበቃል። እኔ ብሆን እዚህ ወርጄ ግማሽ ቀን አሳልፍ ነበር። ይህን የምለው የምኖርበት ከተማ ስለ ሆነ ብቻ አይደለም፤ የስጎ አሠራር ከወረቀት ላይ አንብቦም መረዳት ይቻላል፣ የእንቁላል ሊጥ ግን መቼ እንደ ጠነከረና መቼ እንደ ለሰለሰ የሚታወቀው በመዳፍ በመሆኑ፣ አጠገብ ቆሞ የሚያርም ሰው ያስፈልገዋል።

ጥያቄ (ከዋሽንግተን)፦ ማስታወቂያዎቹ ሁሉ «በእጅዎ ይሠራሉ» ይላሉ። እውነተኛውን በምን እለያለሁ?

መልስ፦ ከመመዝገብዎ በፊት ጥቂት ነገሮችን በጽሑፍ ይጠይቁ። በአንድ ሰሌዳ ላይ ስንት ሰው ይቆማል? ሊጡን ከደረቅ ዱቄት ጀምሬ አቦካለሁ ወይስ የተዘጋጀ ይሰጠኛል? የሚዳመጠው በእንጨት መዳመጫ ነው ወይስ በማሽን? የሠራሁትንስ እኔው እበላዋለሁ? እያንዳንዱ ተማሪ የራሱ ሰሌዳና መዳመጫ ካለው፣ ትምህርቱም ሦስት ሰዓት ገደማ የሚወስድ ከሆነ፣ አብዛኛውን ጊዜ ደህና ቦታ ነው።

የተዘጋጀ ነገር መኖሩ ግን ሁልጊዜ ማታለል አይደለም። የኔፕልስ ፒዛ ሊጥ ለመቦካት ብዙ ሰዓታት ስለሚፈልግ፣ በሁለት ሰዓት ትምህርት ውስጥ የሚጋግሩት ሊጥ ቀድሞ የተዘጋጀ መሆኑ ግድ ነው፤ ጥሩ አስተማሪ ይህንኑ ይነግርዎታል፣ ጎን ለጎንም አንድ ሊጥ ከመጀመሪያው ያስቦካዎታል። የፒዛው ምድጃስ ምን ዓይነት እንደ ሆነ ይጠይቁ። እውነተኛው የኔፕልስ ፒዛ ከ430 ዲግሪ በላይ በጋለ የእንጨት ምድጃ ከ60 እስከ 90 ሰከንድ ብቻ ስለሚቆይ፣ በቤት ምድጃ የተማሩት ከዚያ የተለየ ምግብ ይሆናል።

ጥያቄ (ከስቶክሆልም)፦ በትምህርቱ ጊዜ ምን ምን እንደሚሠራ በዝርዝር ቢያስረዱን።

መልስ፦ እኛ ዘንድ የሚደረገውን ልግለጽ። ሽርጥ ታጥቃችሁ እጃችሁን ከታጠባችሁ በኋላ፣ ለእያንዳንዱ ሰው በእንጨት ሰሌዳ ላይ 100 ግራም ለስላሳ የስንዴ ዱቄት ይቆለላል። መካከሉን በጣት ከፍታችሁ አንድ እንቁላል ትሰብሩበታላችሁ፤ እንቁላሉን በሹካ እየመታችሁ ዱቄቱን ከውስጠኛው ዳር ቀስ በቀስ ትቀላቅላላችሁ። ብዙ ሰው የሚቸኩለው እዚህ ላይ ነው፤ ግድግዳው ቶሎ ከተናደ እንቁላሉ በሰሌዳው ላይ ይፈስሳል። ከዚያ በመዳፍ ሥር እየገፉ፣ እያጠፉና እያዞሩ አሥር ደቂቃ ያህል ማሸት ነው። መጀመሪያ ላይ ሊጡ ሻካራና የተሰነጣጠቀ ስለሚሆን ተማሪው ተስፋ ቆርጦ ውሃ መጨመር ይፈልጋል፤ አስተማሪዋ ግን «ቆይ» ትላለች፣ እውነትም ትንሽ ቆይቶ ይለሰልሳል። በጣት ሲጫኑት ተመልሶ ከተነሣ ታሽቷል ማለት ስለሆነ ተሸፍኖ ለግማሽ ሰዓት ያርፋል። ያላረፈ ሊጥ በተዳመጠ ቁጥር ተመልሶ ይሰበሰባል።

የመዳመጡ ሥራ ዋናው ጥበብ ነው። እዚህ አገር ማታሬሎ የሚሉት መዳመጫ ረጅም ነው፤ አንዳንዱ አንድ ሜትር ይሞላል። የሊጡ አንድ ጫፍ ከሰሌዳው ዳር ትንሽ ወደ ታች እንዲንጠለጠል ይደረግና፣ አስተማሪዋ በሆዷ ደገፍ አድርጋ እየያዘችው በሁለት እጇ ወደ ፊት ትዳምጠዋለች፤ ከዚያ ሩቡን ያህል አዙራ እንደገና ትጀምራለች። መዳፎቿ ከመዳመጫው መካከል ወደ ጫፎቹ እየተንሸራተቱ ሊጡን ወደ ጎንም ያሰፉታል። በመጨረሻ ሊጡ ተነሥቶ ወደ መስኮቱ ሲያዝ ከጀርባው ያለው ብርሃን ማለፍ አለበት። በእንጨት ላይ የተዳመጠ ሊጥ ገጹ ትንሽ ሻካራ ስለሚሆን ስጎውን ይይዛል፤ ለስላሳ ብረት መካከል አልፎ የሚወጣው የማሽን ፓስታ ይህ ይጎድለዋል።

ከዚያ ሊጡ ለጥቂት ጊዜ ጠውለግ ብሎ፣ ተጠቅልሎ በቢላዋ ይቆረጥና ታልያቴሌ ይሆናል። የቦሎኛ ሰዎች በዚህ ቀልድ አያውቁም። ሚያዝያ 16 ቀን 1972 በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር በከተማው የንግድ ምክር ቤት ባስመዘገቡት ሰነድ መሠረት፣ የበሰለ ታልያቴሌ ስፋቱ 8 ሚሊ ሜትር ሊሆን ይገባዋል፤ ይህም በከተማው መካከል የቆመው የአዚኔሊ ግንብ ቁመት አንድ 12,270ኛ ነው ተብሏል። በወርቅ የተሠራ ናሙናም በምክር ቤቱ ተቀምጧል።

ጥያቄ (ከአዲስ አበባ)፦ የምሄደው በዐቢይ ጾም ነው። እንቁላልና አይብ ካልነካሁ መማሩ ትርጉም ይኖረዋል?

መልስ፦ በሚገባ ይኖረዋል፤ ከተማውን ብቻ ይለውጡ። በእንቁላል የሚሠራው የሰሜኑ ፓስታ ነው። በደቡብ፣ በተለይ በፑልያ፣ ሊጡ ከጠንካራ ስንዴ ሴሞላና ከውሃ ብቻ ይሠራል። ባሪ ከተማ አሮጌው ሰፈር ውስጥ እናቶች በየበራቸው ተቀምጠው ኦሬክዬቴ የሚባለውን ትናንሽ ጆሮ የሚመስል ፓስታ ሲሠሩ ይታያሉ፤ ሊጡን በቢላዋ ጫፍ ወደ ራሳቸው ይጎትቱና በአውራ ጣት ይገለብጡታል። ቶስካና ውስጥም ፒቺ የሚባለው ወፍራም ፓስታ ከዱቄት፣ ከውሃና ከጥቂት የወይራ ዘይት ይሠራል፤ ፍሎረንስ የሚያልፉ ከሆነ ይህ ይቀርብዎታል።

ነገር ግን ሲመዘገቡ «አትክልት ብቻ ነው የምበላው» ማለት አይበቃም፤ ጣሊያናውያን በዚህ ውስጥ እንቁላልና አይብ እንዳለ ይረዳሉና። «ቬጋኖ» ይበሉ፣ ጨምረውም «ሴንዛ ዎቫ፣ ሴንዛ ላቲቺኒ» ብለው ይጻፉላቸው፤ ያለ እንቁላልና ያለ የወተት ውጤት ማለት ነው። በባሪ ኦሬክዬቴ ከጎመን መሰሉ ቺሜ ዲ ራፓ ጋር ሲቀርብ አንቾቪ የተባለ ትንሽ ዓሣ ብዙ ጊዜ ስለሚገባበት፣ ዓሣ የማይበሉ ከሆነ እሱንም ቀድመው ያስወጡ። በትምህርቱ ዕለት መናገር ሰዎቹን ስለሚያስጨንቅ ቢያንስ ጥቂት ቀናት አስቀድመው ያሳውቁ።

ጥያቄ (ከዱባይ)፦ ሙስሊም ነኝ። ቦሎኛ የአሳማ ሥጋ የበዛባት ናት ይባላል፤ እውነት ነው?

መልስ፦ እውነት ነው፣ እህቴ፤ በግልጽ መናገር ይሻላል። ቶርቴሊኒ የተባለው ተሞልቶ የሚታጠፍ ትንሽ ፓስታ በ1974 የተመዘገበው ውስጠቱ የአሳማ ወገብ ሥጋ፣ ፕሮሹቶና ሞርታዴላ ነው፤ ሦስቱም አሳማ ናቸው። በ1982 የተመዘገበው ራጉ የተባለው የቦሎኛ የሥጋ ስጎም የበሬ ሥጋ ይኑረው እንጂ ፓንቼታ የተባለ የአሳማ ሥጋና የወይን ጠጅ ይገባበታል። ሮም ላይም ካርቦናራ የተባለው ፓስታ የአሳማ ጉንጭ አለበት። ስለዚህ ቶርቴሎኒን ይምረጡ፦ ከቶርቴሊኒ ተለቅ ያለና ሪኮታ አይብ ከፓርስሊ ጋር የሚሞላ ሆኖ፣ በቅቤና በሳልቪያ ቅጠል ይበላል። አጣጣፉ ስለሚመሳሰል የሚማሩት የእጅ ሥራ አይቀንስብዎትም። ለትምህርት ቤቱ «ሴንዛ ማያሌ፣ ሴንዛ አልኮል» ብለው ይጻፉ። ቲራሚሱ የተባለው ጣፋጭ በሚሠራበት ጊዜም አንዳንዶች ማርሳላ የተባለ የወይን ጠጅ ወይም ሩም ስለሚጨምሩ፣ በቡና ብቻ እንዲደረግልዎ ይጠይቁ። አንድ ተጨማሪ ነገር፦ ፓርሚጃኖ ሬጃኖ የሚረጋው ከጥጃ ጨጓራ በሚገኝ ማርጊያ ነው፤ ይህ ለአንዳንዶች የሚያሳስብ ስለሆነ ቀድመው ቢያውቁት መልካም ነው።

ጥያቄ (ከእስራኤል)፦ ካሽሩት የተባለውን የአይሁድ የምግብ ሕግ እንጠብቃለን። የሚመች ከተማ አለ?

መልስ፦ ሮምን እመርጥላችኋለሁ። በዚያ የአይሁድ ማኅበረሰብ ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ ኖሯል፤ በጥንቱ ጌቶ ሰፈር የካሽሩት ምግብ ቤቶች ይገኛሉ፣ በዘይት ተጠብሶ እንደ አበባ የሚፈካው፣ ካርቾፊ አላ ጁዲያ የተባለው የአርቲቾክ አትክልትም የዚያው ማኅበረሰብ ምግብ ነው። ወጥ ቤቱ ራሱ ቁጥጥር እንዳለው ማረጋገጥ ያስፈልጋል፤ በተለመደው ወጥ ቤት በሕጉ የማይቀላቀሉት የሥጋ ስጎና አይብ በአንድ ማዕድ ላይ ይቀርባሉ።

ጥያቄ (ከለንደን)፦ የዘጠኝ ዓመት ልጄን ልውሰዳት?

መልስ፦ ይውሰዷት፤ አስቀድመው ዕድሜዋን ይንገሯቸው። ለልጅ ከሁሉ የሚቀለው ከድንችና ከዱቄት የሚሠራው ኞኪ ነው።

ጥያቄ (ከአትላንታ)፦ በነሐሴ ወር እንሄዳለን። ገበያ መውጣት ያለበት ትምህርት ይሻላል?

መልስ፦ ገበያው ካለ ይሻላል፤ ቦሎኛ ላይ ኳድሪላቴሮ በሚባለው ጥንታዊ የገበያ ሰፈር ከአስተማሪ ጋር ጠዋት መዘዋወር ብዙ ያስተምራል። ዳሩ ግን በፈረንጆች ኦገስት 15 ቀን የሚከበረው ፌራጎስቶ ሲቃረብ ብዙ ሱቆችና ወጥ ቤቶች ስለሚዘጉ፣ ከመመዝገብዎ በፊት ገበያው ክፍት መሆኑን ያረጋግጡ። እሑድ ቀንም ለዚህ አይመከርም።

ጥያቄ (ከሐዋሳ)፦ ስጎ መሥራት ከእናቴ ተምሬአለሁ። እዚያ ሄጄ የማውቀውን ልርሳው?

መልስ፦ በጭራሽ አይርሱት። የራጉ መነሻ ቀይ ሽንኩርት፣ ካሮትና ሰለሪ በደቃቁ ተከትፈው በዝግታ የሚበስሉበት ሶፍሪቶ ነው፤ ቁሌት ማቁላላት የሚያውቅ ሰው ይህን ለመማር ግማሹን መንገድ ሄዷል፣ የአገራችን ሰዎች እሳት ቀንሰው በትዕግሥት ሲያማስሉ አስተማሪዎቻችን ደጋግመው ያደንቃሉ። የሚለየው፣ እዚህ ዘይቱ ወይም ስቡ ከመጀመሪያው መግባቱና ሽንኩርቱ ሳይቀላ መለስለሱ ነው። ራጉው ሁለት ሰዓትና ከዚያም በላይ ስለሚንተከተክ፣ በአጭር ትምህርት ቀድሞ ተጥዶ ቢያገኙት አይቀየሙ።

ጥያቄ (ከአዲስ አበባ)፦ ባለፈው ዓመት ተምሬ መጣሁ፤ ቤቴ ስሞክረው ግን ሊጡ ደረቀብኝ፣ ፓስታውም አልበስል አለኝ። ምን ይሆን?

መልስ፦ ሁለቱም ምክንያት አላቸው። «ለ100 ግራም አንድ እንቁላል» የሚባለው ከነቅርፊቱ 60 ግራም ገደማ በሚመዝን እንቁላል ነው፤ የአበሻ እንቁላል ብዙ ጊዜ ወደ 40 ግራም ስለሚጠጋ፣ በቁጥር ከሄዱ ሊጡ መድረቁ አይቀርም። እንቁላሉን ያለ ቅርፊቱ ሰብረው ይመዝኑትና ለ100 ግራም ዱቄት 50 ግራም ያህል እስኪሆን ድረስ ሌላ እንቁላል መትተው ይጨምሩ። የፉርኖ ዱቄት ለዚህ ይሠራል፤ በወንፊት ይንፉት። ሊጡ በሚያርፍበት ጊዜ በደንብ ይሸፈን፤ በበጋ የአዲስ አበባ አየር ደረቅ ስለሆነ ገጹ ቶሎ ይደርቃል።

የመብሰሉ ነገር ደግሞ ከከፍታው የመጣ ነው። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ስለምትገኝ ውሃ የሚፈላው በ100 ዲግሪ ሳይሆን በ92 ዲግሪ ገደማ ነው። ቦሎኛ ላይ በሁለት ወይም በሦስት ደቂቃ የሚወጣው ትኩስ ታልያቴሌ እዚያ ተጨማሪ ጊዜ ይፈልጋል፤ በሱቅ የሚሸጠው ደረቅ ፓስታ ላይ የተጻፈው ደቂቃም እንዲሁ ያጥራል። ሰዓት ማየትዎን ትተው አንድ ክር አውጥተው ይቅመሱ። ውሃው ይብዛ፤ ለ100 ግራም ፓስታ አንድ ሊትር ውሃና 10 ግራም ጨው ይበቃል። ራጉውንም እንደዚያው ከተማሩት ሰዓት አስረዝመው፣ ክዳኑን ገርበብ አድርገው በትንሽ እሳት ይተዉት፤ ሥጋው በማንኪያ ሲነካ ሲፈርስ ያኔ ደርሷል።