«መነነ» ወይስ «ጫካ ገባ»?

ጥያቄ፦ ጓደኛዬ የባንክ ሥራውን ለቆ በሸቤ በኩል፣ በለጠ ጫካ ዳር ጎጆ ቀልሷል። ሲያሰኘው እግሩ ወደመራው ይሄዳል፣ ሰው ማግኘትም አይፈልግም። ሰፈሩ «መነነ» ይለዋል። እሱ ግን ሃይማኖተኛ አይደለም። ምን እንበለው? (ከጅማ)

መልስ፦ ሰፈርተኛው ያን ያህል አልተሳሳተም። «መነነ» በግዕዝ «ናቀ፣ ጣለ» ማለት ነው። መናኝ እንግዲህ ዓለምን የናቀ ሰው ነው። ከ«መነኮሰ» ጋር ወንድማማች ይመስላሉ እንጂ አይዛመዱም። «መነኮሰ» ከግሪክ የመጣ ነው። መነኩሴ ቆብና ሥርዓት አለው፣ አብዛኛውን ጊዜም የሚኖረው በማኅበር ነው። ቆብ ሳይደፋ የመነነ ግን ሞልቷል። ብቻውን የሚኖረው ባሕታዊ ነው፤ ስሙም «ብቻ» ከሚለው የግዕዝ ቃል የወጣ ነው።

እና ምን ቸገረ? ቃሉ ዕጣን ዕጣን ይሸታል። «ጓደኛዬ መነነ» ካሉ ሰሚው ወዲያው «የት ገዳም?» ይላል። የሚገርመው «ገዳም» ራሱ በግዕዝ ዱርና ሜዳ ነበር፤ ወንጌሉ «ጽጌያተ ገዳም» ሲል የሜዳ አበቦች ማለቱ ነው። ዛሬ ግን ይህን ብሎ ሰፈርተኛን ማሳመን አይቻልም።

«ጫካ ገባ» የሚለውን እባክዎ ይተዉት። ቃል በቃል ልክ ነው፤ ሰሚው ግን ጠመንጃ ይታየዋል። «ዱር ቤቴ አለ»ም የአርበኛ ነው። አንዲት ቃል ልጁን ቀበሌ ታስጠራዋለች። «ተንከራተተ»ም አይሆንም፣ መከራ አለበት። የእርስዎ ጓደኛ ደግሞ ወዶ ነው የሄደው።

እኔ ብሆን «ዓለም በቃኝ ብሎ ሄደ» እላለሁ። ዕጣኑ ቀለል ይላል፣ ምክንያቱም አብሮ ይነገራል። (አዲስ አበባ ላይ በዚህ ስም የሚጠራ እስር ቤት ነበር። ስም አውጪው ቀልደኛ ሳይሆን አይቀርም።) አጠር ይበል ካሉ «ሁሉን ትቶ ሄደ» ይበቃል።

ጅማ ነዎትና አንድ ነገር ልጨምር። ሙስሊም ጎረቤትዎ ለዒባዳ ከሰው ስለተለየ ሰው ሲያወራ «ኸልዋ ገባ» ሊል ይችላል። እሱም እንደ «መነነ» የአምልኮ ቃል ነው፤ ለጓደኛዎ አይሆንም።