ተዋናይ ድርሰትም ሲጽፍ

ጥያቄ፦ በጅማ ከተማ ሄርማታ አካባቢ ባለ የወጣቶች የቴአትር ክበብ ውስጥ እተውናለሁ፤ ተውኔትም እጽፋለሁ። አሁን አጭር ፊልም ለመሥራት ተነሥተናል፤ ጓደኞቼ ግን ተዋናይ ድርሰቱን ለደራሲ መተው አለበት ይሉኛል። በጀርመን ፊልም ጅማሬ ሁለቱንም ሥራ የያዘ ተዋናይ እንደነበረ ሰምቻለሁ። ማን ነው? ከየትኛው ፊልሙስ ልጀምር?
አንባቢያችሁ፣ ከጅማ

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ የሰሙት ስለ ፓውል ቬገነር ሳይሆን አይቀርም። (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) በ1874 የተወለደው ቬገነር የጀመረውን የሕግ ትምህርት ትቶ መድረክ ላይ የወጣ ሲሆን፣ ከ1906 ጀምሮ በርሊን ውስጥ በቴአትር አዘጋጁ በማክስ ራይንሃርት ይመራ በነበረው በዶይቸስ ቴአትር ስመ ጥር ሆነ። በዚያን ጊዜ ብዙ የመድረክ ሰዎች ፊልምን ይንቁ ስለነበር ካሜራ ፊት መቆሙ ድፍረት ይጠይቅ ነበር።

እርሱን የሳበው መድረክ ሊያሳይ የማይችለው ነገር ነው። በ1913 «የፕራግ ተማሪ» በተሰኘው ፊልም የመስታወት ምስሉን የሸጠውን ተማሪም፣ ከመስታወቱ ወጥቶ የሚከታተለውን ምስልም የተጫወተው ራሱ ነው። የካሜራ ባለሙያው ጊዶ ዜበር የምስሉን ግማሽ ሸፍኖ ከቀረጸ በኋላ ፊልሙን ወደ ኋላ መልሶ፣ ካሜራው ከቦታው ንቅንቅ ሳይል፣ ሌላውን ግማሽ ይቀርጽ ነበር፤ ተዋናዩም በባዶው ወገን የሌለውን ሰው እንዳለ አድርጎ መተወን ነበረበት። ከጽሑፍ በፊት የካሜራውን አቅም በገዛ አካሉ የተማረው እዚህ ላይ ይመስለናል።

የዚያ ፊልም ድርሰት የሃንስ ሃይንስ ኤቨርስ ነበር። በ1915 ግን ቬገነር ከሄንሪክ ጋሌን ጋር ሆኖ፣ ከጭቃ ተሠርቶ ነፍስ ስለሚዘራው ስለ ጎለም የሚተርከውን የፕራግ አይሁዳውያን አፈ ታሪክ ለፊልም ጻፈ፤ ጎለሙንም ራሱ ተጫወተው። ጋሌንም እንዲሁ በፊልሙ ውስጥ ተውኗል፤ ስለዚህ የጓደኞችዎ ክልከላ በዚያ ሥራ ሁለት ጊዜ ፈርሷል ማለት ነው። በ1916 በርሊን ውስጥ ባደረገው ንግግር ደግሞ ፊልም ከቴአትርና ከልብ ወለድ መላቀቅ እንዳለበት፣ እውነተኛው ገጣሚም ካሜራው መሆን እንደሚገባው አስረድቷል።

ኋላ በናዚ ዘመን፣ በ1945 የወጣውን «ኮልበርግ»ን ጨምሮ፣ በፕሮፓጋንዳ ፊልሞች ውስጥ መተወኑን ሳንናገር ማለፍ አግባብ አይሆንም። በዚያው ዓመት፣ ከጦርነቱ በኋላ፣ በጀርመናዊው ደራሲ በሌሲንግ ተውኔት ጥበበኛውን አይሁዳዊ ናታንን ሆኖ ተጫወተ፤ በ1948 በርሊን ውስጥ አረፈ።

ከ1915ቱ ፊልም የተረፈው ቁርጥራጭ ብቻ ስለሆነ፣ ታሪኩን እንደገና ጽፎ ከካርል ቦዘ ጋር ያዘጋጀውን የ1920ውን «ጎለም» ይመልከቱ። በተለይ ረቢው ለንጉሠ ነገሥቱ የአበውን ራእይ ግድግዳ ላይ ሲያሳይ፣ መኳንንቱ ሲስቁና ጣሪያው ሲደረመስ ያለውን ክፍል አይለፉት፤ ታሪኩ በንግግር ሳይሆን በሚታየው ነገር ወደፊት ይሄዳል። እርስዎም በተውኔትዎ ውስጥ ገጸ ባሕርያቱ በቃል ከሚነግሩን ነገር የትኛው በዓይን ሊታይ እንደሚችል አስቀድመው ይለዩ፤ የፊልሙን ድርሰት ከዚያ ይጀምሩ።