የፒኤስ4 ጌም አፕዴት በፍላሽ ይጫናል ወይ ብለህ ለጠየቅከው ወንድሜ

ጥያቄህን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። እዚሁ ደሴ፣ ሳላይሽ ሰፈር ትኖራለህ፣ ያገለገለ ፒኤስ4 (ፕሌይስቴሽን 4) ገዝተሃል፣ ኢንተርኔትህ ከስልክ የምታጋራው ጥቅል ነው፣ የኳስ ጌሙን ሲዲ ባስገባህ ቁጥር 14 ጊጋ አፕዴት፣ ማለትም የማሻሻያ ፋይል፣ ይጠይቅሃል። ፋይሉን ከሌላ ቦታ በፍላሽ አምጥተህ በእጅህ መጫን ይቻል እንደሆነ ማወቅ ፈልገሃል። ከመለሱልህ ሰዎች ግማሾቹ ይቻላል፣ ግማሾቹ አይቻልም ብለውሃል። ሁለቱም ወገኖች ልክ ናቸው፤ የሚያወሩት ግን ስለ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ነው።

በፍላሽ የሚጫነው የማሽኑ ሲስተም ነው። እሱን አምራቹ ሶኒ በድረ ገጹ ላይ ለማንም አስቀምጦታል። በኮምፒውተር ታወርደዋለህ፤ ፋት32 ወይም ኤክስፋት በሚባለው ዓይነት በተፎርማተ ፍላሽ ላይ «ፒኤስ4» የሚል ፎልደር፣ በውስጡም «አፕዴት» የሚል ሌላ ፎልደር ትከፍታለህ፤ ፋይሉን እዚያ ታስቀምጣለህ። የፎልደሮቹ ስም በእንግሊዝኛ ትልልቅ ፊደላት መጻፍ አለበት፤ አለዚያ ማሽኑ ፍላሹን እያየ እንዳላየ ያልፈዋል። የጌም አፕዴት ግን እንዲህ ያለ በር የለውም። ከሰርቨሩ፣ ማለትም ፋይሉን በኢንተርኔት ከሚያድለው ኮምፒውተር፣ በቀጥታ ወደ ማሽኑ ይወርዳል እንጂ በፍላሽ አንጠልጥለኸው የምትመጣው ፋይል አይደለም።

እኔ ይህን የተማርኩት በገንዘቤ ነው። ፒያሳ አካባቢ አንድ ሱቅ «የኳስ ጌም አፕዴት በፍላሽ እንጭናለን» ይል ነበር። ከፈልኩ፣ ፍላሹን ይዤ ወደ ሰፈሬ ሆጤ ወጣሁ፣ ሰካሁት፤ ማሽኑ ምንም አላገኘሁም አለኝ። ፍላሹ ተበላሽቶ ነው ብዬ ሌላ ፍላሽ ገዛሁ። ያው ነው። በመጨረሻ አንድ ጓደኛዬ «ሴፍ ሞድ ግባ» አለኝ፤ የማሽኑ የጥገና ገጽ ማለቱ ነው። ማሽኑን አጥፍተህ የማብሪያውን ቁልፍ ሁለተኛው ድምፅ እስኪሰማ ድረስ፣ ሰባት ሰከንድ ያህል፣ ትይዛለህ፤ ጆይስቲኩን በገመድ ታገናኛለህ፤ ሰባት ምርጫዎች ይመጣሉ። ሦስተኛው ሲስተሙን አፕዴት ማድረጊያ ነው፤ እሱ ምንም አይነካም። አምስተኛው መብራት ድንገት ጠፍቶ የተዘበራረቀውን መዝገብ እንደገና ያደራጃል፤ ለደሴ ሰው ከሁሉም የሚጠቅመው እሱ ነው። ሰባተኛው ሲስተሙን እንደ አዲስ ይጭናል፣ ከዚያ በፊት ግን ሃርድ ዲስኩ ላይ ያለውን ሁሉ ያጠፋል። እኔ «እንደገና መጫን» የሚለውን አይቼ ደስ ብሎኝ ሰባተኛውን ነካሁ። የእህቴ ልጅ ሁለት ዓመት ሙሉ ያሳደገው ክለብ፣ ከሦስተኛ ዲቪዚዮን አንስቶ ዋንጫ ያስበላው ቡድን፣ በአንድ ጠቅታ ሄደ። ልጁ እስከ ዒድ ድረስ በቅጡ አላናገረኝም። ስለዚህ አደራ፣ ሰባተኛውን አትንካ።

ሱቁ ዋሽቶኛል ማለት ግን አልችልም። ሲስተማቸው የተከፈተ፣ ማለትም ከፋብሪካ ከወጡበት ውጪ የተነካኩ ማሽኖች አሉ፤ የሱቁ ፋይል ለእነዚያ ነበር። የእኔ አልተነካካም፤ ሱቁም አልጠየቀኝ፣ እኔም አልነገርኩት። ያንተም ያገለገለ ስለሆነ ሻጩን ጠይቀው። ያለ ሲዲ የሚከፈቱ ብዙ ጌሞች ተጭነውበት ከመጣ የተከፈተ ሊሆን ይችላል፤ እንዲያ ከሆነ ሲስተሙን አፕዴት ስታደርግ ያ ሁሉ ሊዘጋብህ ይችላል። ስለዚያ ዓይነቱ ማሽን ከዚህ በላይ የምለው የለኝም፤ የሚከተለው ላልተነካካ ነው።

አሁን ወደ ጌሙ። በእጅ አፕዴት ማድረግ በፒኤስ4 ላይ ያለው ትርጉም ሰዓቱንና ጌሙን አንተ መምረጥህ ነው። በመጀመሪያ በሴቲንግስ ውስጥ፣ ሲስተም የሚለው ገጽ ላይ፣ አውቶማቲክ ዳውንሎድ የሚለውን ክፈትና የአፕሊኬሽን አፕዴት ፋይሎችን ምልክት አንሳ። አለዚያ ሳታውቅ ለማትጫወተው ጌም ጥቅልህን ይጨርስብሃል። ከዚያ በኋላ የምትፈልገውን ጌም ምስል ላይ ቆመህ በጆይስቲኩ ላይ ኦፕሽንስ የሚለውን ተጫንና «ቼክ ፎር አፕዴት» የሚለውን ምረጥ። አፕዴት ነጻ ነው፤ ወርኃዊ ክፍያም አባልነትም አያስፈልገውም፤ የምትከፍለው ለኢንተርኔቱ ብቻ ነው።

የሚያስመርርህ ፍጥነቱ ከሆነ ሒሳቡን ልንገርህ። በኔትወርክ ገጹ የኢንተርኔት ፍተሻ አድርግ፤ የሚያሳይህ ቁጥር በሜጋቢት ነው፣ የጌሙ መጠን ግን በባይት ነው፤ ስለዚህ ለስምንት አካፍለው። 4 ሜጋቢት ካሳየህ በሰከንድ ግማሽ ሜጋባይት ይወርዳል ማለት ነው። 14 ጊጋህ 28,000 ሰከንድ፣ ስምንት ሰዓት ገደማ ይፈጅብሃል፤ ያውም መስመሩ ሳይዋዥቅ። መስመሩ ከዋዠቀ በአንድ ሌሊት ላያልቅ ይችላል፤ ግን ማውረዱን አቁመህ በማግስቱ ሌሊት ካቆምክበት መቀጠል ትችላለህ። ልጆች ሁሉ የሚሠሩት ስህተት ግን እያወረዱ መጫወት ነው። ፒኤስ4 ጌም ተከፍቶ ሳለ ማውረዱን ሆን ብሎ ያዘገየዋል። ወደ ዋናው ገጽ መመለስ አይበቃም፤ ጌሙን ጭራሽ ዝጋው፣ ልዩነቱን ራስህ ታየዋለህ። ማሽንህ የመጀመሪያው ወፍራሙ ከሆነ ደግሞ ዋይፋዩ 2.4 ጊጋኸርዝ ብቻ ነው። የስልክህ ሆትስፖት 5 ላይ ከተቀመጠ ፈጽሞ አያገኘውም፤ ብዙ ሰው ማሽኑ ተበላሽቷል ብሎ ወደ ጠጋኝ የሚሮጠው በዚህ ነው።

ሲወርድ አለቀ ብለህ ደግሞ አትነሳ። ከወረደ በኋላ የመገልበጥ ደረጃ አለ፤ ፋይሉን ከጌሙ ጋር የሚያዋህድበት። ይህ ሲሠራ የጌሙን ያህል ተጨማሪ ባዶ ቦታ ይፈልጋል፤ ስለዚህ 14 ጊጋ ለማስገባት 14 ጊጋ ቦታ ብቻ ይበቃኛል ብለህ አታስብ። እኔ አንድ ጊዜ ሁለት ሌሊት ያወረድኩት መገልበጥ ሲጀምር መብራት ጠፋ። ሲመጣ ማሽኑ ፋይሉ ተበላሽቷል አለኝና ከዜሮ ጀመርኩ። በማውረድ ላይ ሳለ መብራት ቢጠፋ ይቀጥላል፤ በመገልበጥ ላይ ሲጠፋ ነው የሚያስለቅሰው። በክረምት፣ የጦሳ ተራራ ጉም ለብሶ ነጎድጓድ ሲጀምር፣ መገልበጥ አታስጀምር።

ይህ ሁሉ ካንገሸገሸህ የኔ መንገድ ይኸውልህ። አፕዴቱን ወደ ጌሙ ማምጣት ስላልተቻለ ጌሙን ወደ አፕዴቱ ወሰድኩት።

ፒኤስ4 ከ2017 እንደ ፈረንጆች ጀምሮ ጌም ከውጭ ሃርድ ዲስክ ላይ ያጫውታል። ዲስኩ ዩኤስቢ 3.0፣ ከ250 ጊጋ የማያንስ፣ ከ8 ቴራ የማይበልጥ መሆን አለበት፤ ማከፋፈያ ሳይኖር በቀጥታ ማሽኑ ላይ ይሰካል። መጀመሪያ ማሽኑ ይፎርማተዋል፤ ያኔ በውስጡ የነበረው ሁሉ ይጠፋል፣ ስለዚህ የሠርግ ቪዲዮ ካለበት አስቀድመህ አውጣ። ጌሙን እዚያ ላይ ትጭናለህ። ከዚያ ዲስኩን ነቅለህ ጥሩ ኢንተርኔት ያለው ሰው ፒኤስ4 ላይ ብትሰካው ጌሙ እዚያም ይታያል፣ እዚያም አፕዴት ይሆናል። የሲዲ ጌም ከሆነ ሲዲውን ይዘህ ሂድ፤ በአካውንት የተገዛ ከሆነ በገዛህበት አካውንት ግባ።

እንዲህ ያደረግኩት በ2016 ነው። ታስታውሳለህ፣ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ ለብዙ ወራት ተቋርጦ ነበር። የፊፋ ስም ቀርቶ «ኤፍሲ 24» ተብሎ የመጣው ጌም የወጣው ደግሞ በዚያው መስከረም ነው። የእህቴ ልጅ ሲዲውን አገኘ፤ አፕዴቱን ማን ያምጣለት? ኮምቦልቻ ያለው የባለቤቴ ወንድም ቤት የመስመር ኢንተርኔት አለ፣ ፒኤስ4ም አለው። መንገዱ ሰላም የሆነበትን ቀን ጠብቄ ዲስኩን በካልሲ ጠቅልዬ፣ ሲዲውን ኪሴ ከትቼ፣ በሚኒባስ የዶሮ መዝለያን ቁልቁለት ወረድኩ። ከዚያ በፊት አንድ ጊዜ ማሽኑን ራሱን በጋቢ ጠቅልዬ ይዤ ሄጄ ነበር፤ ረዳቱ ሕፃን መስሎት «እናቱ የት አለች?» ብሎ ተሳፋሪውን አስቆብኛል። ዲስክ ይሻላል።

አማቼ ዘንድ ሰካነው፣ ጌሙ ታየ፣ ማውረድ ጀመረ። ከደሴ ብርድ ወርዶ ለመጣ ሰው የኮምቦልቻ ሙቀት ደስ ይላል፤ ለፒኤስ4 ግን አይደለም፣ ማራገቢያው ሌሊቱን እንደ ወፍጮ ሲጮህ አደረ። ጠዋት አልቆ ነበር። ከመንቀልህ በፊት ግን የፒኤስ ቁልፉን ይዘህ፣ በድምፅና በመሣሪያዎች ገጽ ውስጥ፣ ዲስኩን መጠቀም አቁም የሚለውን ምረጥ። በድንገት ከነቀልከው ያን ሁሉ መንገድ በከንቱ ሄድክ ማለት ነው።

ቤት ደርሼ ሰካሁ፤ ልጁም ጎረቤቱም ተሰብስቧል። ጌሙን ስንከፍተው «ሲስተሙን አፕዴት አድርግ» አለን። የአማቼ ማሽን ሲስተም አዲስ ነበር፣ የኔ አሮጌ፤ አዲሱ የጌም አፕዴት ደግሞ አዲስ ሲስተም ይፈልጋል። ይህን አስቀድሞ የነገረኝ ሰው አልነበረም፤ ለዚህ ነው ላንተ የምጽፈው። ለአማቼ ደወልኩለት፤ የሲስተሙን ፋይል በኮምፒውተሩ አውርዶ በፍላሽ አደረገና በሚያውቀው የሚኒባስ ሹፌር እጅ ላከልኝ። ከሰዓት በኋላ መናኸሪያ ሄጄ ተቀበልኩ፤ ሦስተኛውን ምርጫ ነካሁ፤ ከሩብ ሰዓት በኋላ ልጁ ይጫወት ነበር። እንግዲህ ፍላሽ የሚያስፈልግበት ቦታ ይኸው ነው፣ መጀመሪያ የናቅኩት ፍላሽ። አንተ ዲስክም ፍላሽም በአንድ ጉዞ ያዝ።

አንድ ነገር እንዳትሳሳት፤ የተጫወትክበት መዝገብ፣ ሴቭ የምንለው፣ በውጭው ዲስክ ላይ አይሄድም፤ ማሽንህ ውስጥ ይቀራል። ይህ በጎ ነው፤ ዲስኩ ቢጠፋ ክለብህ አይጠፋም።

ከሁሉ በፊት ግን ይህን ጠይቅ፤ አፕዴቱ በእርግጥ ያስፈልግሃል? ኢንተርኔት በሌለበት በዚያ ዓመት ሰፈራችን ውስጥ ሁሉም ሲዲው ላይ ባለው ብቻ ተጫወተ፤ ከጓደኛህ ጋር ሁለት ጆይስቲክ ይዛችሁ ለመጫወት ምንም አልጎደለም። በኔትወርክ ገጹ ላይ ከኢንተርኔት ጋር መገናኘትን ብታጠፋ የአፕዴት ጥያቄውም ይቀራል። በመስመር ላይ ከሰው ጋር ልጫወት ካልክ አፕዴቱ ግድ ነው፤ ሰርቨሩ አሮጌውን አያስገባም። ዝውውር የገባበትን አዲስ የቡድን ስብስብ ብቻ ከፈለግክ ደግሞ እሱ ትንሽ ፋይል ነው፤ የሚወርደው ግን ከጌሙ ውስጥ ከሰርቨሩ ጋር ተገናኝቶ ስለሆነ በትልቁ አፕዴት በኩል ማለፍህ አይቀርም። እኔ የምመክርህ በዓመት ሁለት ጊዜ ነው፤ የክረምቱና የጥሩ ዝውውር ከተዘጋ በኋላ። በየሳምንቱ የሚመጣውን ሁሉ ማሳደድ ጥቅልም ዕድሜም አይበቃውም።

ፒኤስ5 ስላለው ሌላ ጠያቂ በአጭሩ፤ የፒኤስ5 ጌም በውጭ ዩኤስቢ ዲስክ ላይ ይቀመጣል እንጂ ከዚያ አይጫወትም፣ ስለዚህ የኔ ዘዴ እንዳለ አይሠራም። ኒንቴንዶ ስዊች ያላችሁ ግን ታድላችኋል፤ አጠገባችሁ ካለ ስዊች ያለ ኢንተርኔት የጌም አፕዴት መቀበል ትችላላችሁ።

አብሽር፣ ከሳላይሽ ሆጤ ሩቅ አይደለም። የኔ ዲስክ እስከ ቅዳሜ ባዶውን ተቀምጧል፤ ኮምቦልቻ የምታውቀው ሰው ከሌለህ እኔም እሁድ መውረዴ አይቀርም። በውስጥ መስመር ጻፍልኝና የማሽንህን የሲስተም ቁጥር ንገረኝ፤ ሴቲንግስ ውስጥ ሲስተም ኢንፎርሜሽን ብለህ ታገኘዋለህ። እሱን ሳላውቅ ዲስኩን አልወስድም።