57 በመቶ አግኝቶ ዙፋኑን የለቀቀ ንጉሥ

አንድ የሕግ ተማሪ ሰሞኑን ደውሎ፣ «ጋሼ፣ አብላጫ ድምፅ ያገኘ ሰው ለምን ይለቃል?» አለኝ። ያነበበው ስለ ቤልጅየሙ ንጉሥ ሣልሳዊ ሊዮፖልድ ነው። ጀርመን በ1940 (እ.ኤ.አ.) ቤልጅየምን ስትወር ሚኒስትሮቹ ሲሰደዱ ንጉሡ እጃቸውን ሰጥተው አገር ውስጥ ቀሩ፤ ከጦርነቱ በኋላ ግን በስደት ስለነበሩ፣ ይመለሱ ወይስ አይመለሱ የሚለው ለሕዝብ ድምፅ ቀረበ። ወዲያው ትዝ ያሉኝ በቤልጅየሟ ከተማ በሊዬዥ ስማር ያከራዩኝ ባልና ሚስት ናቸው።

ባልየው ጡረታ የወጡ የብረት ፋብሪካ ሠራተኛ ናቸው፤ ዋሎን፣ ማለትም ከደቡቡ ፈረንሳይኛ ተናጋሪ ክፍል፣ ከዋሎኒያ። ሚስታቸው ደግሞ ፍላማንድ፣ ከሰሜኑ ደች ተናጋሪ ክፍል፣ ከፍላንደርስ። አንድ እሑድ ማታ የንጉሡን ነገር አነሳሁባቸው። ባልየው የቢራ ብርጭቋቸውን አነሱ፣ ከሥሩ ያለችውን ካርቶን ገለበጡና በእርሳስ 72፣ 48፣ 42 ብለው ጻፉ። በማርች 12 ቀን 1950 (እ.ኤ.አ.) ሕዝበ ውሳኔ ፍላንደርስ፣ ብራስልስና ዋሎኒያ «ይመለስ» ያሉበት መቶኛ ነው። ባጠቃላይ 57.68።

«እኔ ይመለስ ብያለሁ» አሉ ሚስትየው ከማጀት። «በ1940 ከወታደሮቹ ጋር የቀረ እሱ ነው። ሚኒስትሮቹ ናቸው ጥለውን የሄዱት።»

ባልየው ደማቸው ፈላ። «ሂትለር ዘንድ ሄዶ ሻይ ጠጥቷል! ወንድሜ ጀርመን ታስሮ እሱ ሚስት አገባ!» ጀርመኖች አብዛኞቹን ፍላማንድ ምርኮኞች ፈትተው ዋሎኖቹን እስከ ጦርነቱ ማብቂያ ይዘዋቸው ነበር። ይህን ሳያውቁ የዋሎኖቹን ቁጣ መረዳት አይቻልም።

ንጉሡ ጁላይ 22 ተመለሱ። ዋሎኒያ በአድማ ተናወጠች። ጁላይ 30 ሊዬዥ አጠገብ፣ ግራስ-ቤርለር ላይ፣ ጄንዳርሞች (የመንግሥት ታጣቂ ፖሊሶች) ተኩሰው አራት ሰው ሞተ። በማግስቱ ሌሊት ንጉሡ ሥልጣናቸውን ለልጃቸው ለቦድዋን ለመስጠት ተስማሙ። በይፋ የለቀቁት ጁላይ 16 ቀን 1951 ነው። ቦድዋን ገና 20 ዓመቱ ነበር።

እነዚያ ባልና ሚስት ያንን ሳምንት አንድ ቤት ውስጥ እንዴት እንዳሳለፉት ሳልጠይቃቸው ሁለቱም አረፉ። ይቆጨኛል።

የዛሬ ልጆች ውጤት ሲነገር «ማን አሸነፈ?» ትሉና ስልኩን ታስቀምጣላችሁ። ካርቶኗ ላይ ያሉት ሦስቱ ቁጥሮች ግን ከ57.68 የበለጠ ይናገራሉ። እኔ የሕግ ሰው ነኝ፤ የተቆጠረ ድምፅ በአድማ ሲሻር ደስ አይለኝም። ስለ አራቱ ሟቾች ሳስብ ደግሞ መልቀቃቸው ትክክል ነበር እላለሁ። ሁለቱን እስካሁን ማስታረቅ አልቻልኩም።

ለተማሪው ያልኩት ይህን ነው፦ ስለ ሕዝበ ውሳኔ ስታነብ፣ ስንት ድምፅ ይበቃል የሚለውን ማን እንደወሰነው መጀመሪያ እይ። ሊዮፖልድ ከ55 በመቶ በታች ካገኘሁ አልመለስም ያሉት ራሳቸው ናቸው። ዋሎኒያ ብቻዋን ስንት ብትል እንደሚበቃ ግን አልተናገሩም።