40 ዊልቸር ብዬ ፈርሜ 24 የገዛሁ ሰው መልስ

ወንድሜ ጥያቄህን አየሁት። «ቢቸና ላይ አካል ጉዳተኛ ልጆችን የሚረዳ ማህበር አለን፣ ከትልልቅ ባንክና ካምፓኒ ድጋፍ እንዴት ነው የሚጠየቀው፣ ደብዳቤ አስገብተን ወራት ሆነው መልስ የለም» ነው ያልከው። ከስር «እግዚአብሔር ይርዳችሁ» እና «ፕሮፖዛል በደንብ ጻፉ» ብቻ ስለበዛ ነው ልጆቹን አስተኝቼ የምጽፍልህ። እኔ ደብረ ማርቆስ ነኝ፣ የእኛም ማህበር የወላጆች ነው፣ የራሴም ልጅ ዊልቸር ላይ ናት። ፕሮፖዛል ምን እንደሆነ ታውቃለህ ብዬ ዝም ብዬ ወደ ዋናው ልግባ።

1. ደብዳቤውን ቅርንጫፍ ነው ያስገባችሁት አይደል? እኛም እንደዛው ነበርን። የቅርንጫፍ ማናጀር እንዲህ አይነት ብር የመስጠት ስልጣን የለውም፣ ግን ይሄን አይነግርህም፣ «እናየዋለን» ይልሃል በቃ። ሦስተኛ ጊዜ ስመላለስ ደብዳቤያችን ጠረጴዛው ላይ የሻይ ብርጭቆ ተቀምጦበት አገኘሁት፣ ክቡ ምልክት ልክ ማህተማችን ላይ አርፎ። ደሜ ፈላ። ግን ማናጀሩ ምንም አይጠቅምም ማለቴ አይደለም፣ ሂሳባችሁ እሱ ጋ ከሆነ «ደንበኛችን ናቸው፣ ስራቸውን እናውቃለን» የምትል አንዲት ገጽ ሸኚ ጻፍልኝ በለው፣ እሷን ከላይ አድርገህ በዋናው መስሪያ ቤት ለፕሬዝዳንቱ ወይ ለዋና ስራ አስፈፃሚው፣ ግልባጭ ለኮሙኒኬሽን ክፍል አስገባ። ከዛ የመዝገብ ቤት ቁጥር ተቀበል። ቁጥሯን ይዘህ ካልደወልክ «የትኛው ደብዳቤ?» ነው መልሱ።

እኛ ያስገባንበት ጊዜ ደግሞ ኢንተርኔት የጠፋበት ነበር፣ 2016 ሚያዝያ። ፕሮፖዛሉን በፍላሽ ለአውቶቡስ ሹፌር ሰጥተን ነው አዲስ አበባ ያለች እህቴ አሳትማ ያስገባችው። እኔ ራሴ ለክትትል ስሄድ ጥበቃው በር ላይ አቁሞኝ «ለእርዳታ ከሆነ እሁድ ቤተክርስቲያን ነው» አለኝ። 300 ኪሎ ሜትር አባይ በረሃን ወርጄ ወጥቼ የሰማሁት ቃል ይሄ ነው። መልሼ «እኔ ለምኜ አላውቅም፣ የመዝገብ ቁጥር አለኝ» አልኩትና ገባሁ። እስከዛሬ ያኮራኛል ባልዋሽህ።

2. ሰነድ። የታደሰ የምዝገባ ሰርተፊኬት፣ ቲን (የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር)፣ የኦዲት ሪፖርት፣ በማህበሩ ስም የባንክ ሂሳብ (በሊቀመንበሩ ስም የሆነ ሂሳብ ካላችሁ ዛሬውኑ ዝጉት)፣ ድጋፍ ይጠየቅ ብላችሁ የወሰናችሁበት ቃለ ጉባኤ። እዚህ ጋ እኛን ያሰቃየን ነገር፣ በክልል ነው የተመዘገብነው፣ የአዲስ አበባው የህግ ባለሙያ «ይሄ የፌዴራሉ ባለስልጣን ሰርተፊኬት አይደለም» ብሎ መለሰን፣ የሲቪል ማህበረሰብ ድርጅቶችን የሚመዘግበውን መስሪያ ቤት ማለቱ ነው። የሲቪል ማህበረሰብ ድርጅቶችን አዋጅ 1113/2011ን አሳትሜ ሄድኩ፣ አዋጁ የሚመለከተው ከአንድ ክልል በላይ የሚሰሩትን እንጂ እንደ እኛ በአንድ ክልል ብቻ የሚሰራ ማህበርን እንዳልሆነ ከራሱ ከአዋጁ አሳየሁት፣ አንብቦ ዝም አለ። በዚያው አዋጅ አስተዳደራዊ ወጪ ከጠቅላላ ገቢ 20 በመቶ እንዳይበልጥ ተቀምጧል፣ እናንተን ባይመለከታችሁ እንኳ ካምፓኒዎቹ በዚህ ነው የሚለኩህ፣ ስለዚህ በጀታችሁ ላይ አበልና ነዳጅ አታብዙ።

ሰው የማያውቃት ደግሞ አንዲት ነገር አለች። በ2008ቱ የገቢ ግብር አዋጅ 979 መሰረት ድርጅቱ ለህጋዊ በጎ አድራጎት የሰጠው ስጦታ፣ ግብር ከሚከፈልበት ገቢው እስከ 10 በመቶ ድረስ በወጪ ይያዝለታል። ይሄን የኮሙኒኬሽን ሰው ላያውቀው ይችላል፣ የፋይናንሱ ሰው ግን ያውቃል፣ የሚፈልገውም ደረሰኝ ነው። ደብዳቤያችሁ መጨረሻ ላይ «ህጋዊ ደረሰኝ እንሰጣለን» ብላችሁ ጻፉ። እኛ ይቺን ከጨመርን በኋላ ነው ፋይናንስ ክፍሉ ራሱ የደወለልን።

ወቅቱንም እይ። አብዛኞቹ ሂሳባቸውን ሰኔ ላይ ይዘጋሉ፣ ሰኔ መጨረሻ ሄደህ ብትለምን በጀቱ አልቋል። የሚቀጥለው ዓመት በጀት ሲሰራ ማለትም ግንቦት አካባቢ ዴስካቸው ላይ ብትሆን ይሻላል። የግል ባንኮች ደግሞ የባለአክሲዮኖች ጉባኤያቸው ብዙ ጊዜ ህዳርና ታህሳስ ላይ ነው፣ ከዛ ቀደም ብለህ ግባ።

3. ፕሮፎርማ፣ ነጋዴው ከሽያጭ በፊት ዋጋውን ጽፎ የሚሰጥህ ወረቀት ማለት ነው። እዚህ ጋ ቀስ ብለህ አንብበኝ፣ ሌላውን ሁሉ ብትረሳው ይሄን እንዳትረሳ።

መጋቢት 2016 ላይ ሦስት ፕሮፎርማ ሰብስበን ትንሹ አንድ ዊልቸር 14,500 ብር ነበር፣ በ40 ልጅ 580,000። ሚያዝያ ገባ፣ ግንቦት «እየታየ ነው»፣ ሰኔ «ቦርድ ላይ ነው»፣ ሐምሌ መጀመሪያ «ኑና ፈርሙ» ተባልን። ደስታችንን አትጠይቀኝ፣ አንዱ ሽማግሌያችን በእልልታ ነው ስልኩን የዘጉት። ሄጄ ፈረምኩ። ውሉ አራት ገጽ ነው፣ እኔ ያየሁት የብሩን መጠንና ስማችን በትክክል መጻፉን ብቻ። ሁለተኛው ገጽ ላይ ግን «ተቀባዩ 40 ዊልቸር ገዝቶ ገንዘቡ በገባ በ60 ቀን ውስጥ ያከፋፍላል» ይላል። ቁጥር! ማህተም አሳረፍኩበት።

ሐምሌ 22 ብር ተንሳፈፈ፣ ምንዛሪው ለገበያ ተለቀቀ ማለት ነው። 57 አካባቢ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 በላይ ሆነ። ዊልቸር ደግሞ ከውጭ የሚመጣ ነገር ነው። ብሩ ሂሳባችን ውስጥ የገባው ነሐሴ 20 ነው። ነጋዴው ጋ ስሄድ ፕሮፎርማውን አገላብጦ ከስር ያለችውን ትንሽ ጽሁፍ በጣቱ አሳየኝ፣ «ይህ ዋጋ ለ15 ቀን ብቻ ያገለግላል»። አምስት ወር አልፎታል። አዲሱ ዋጋ? 24,000። ቆሜ ስልኬ ላይ አካፈልኩት፣ ደግሜ አካፈልኩት፣ 24 ዊልቸርና ትራፊ 4,000 ብር ነው የሚወጣው።

ብሩን የሰጠን ድርጅት ጋ ደወልኩ፣ ውሉን እናሻሽል ወይ ልዩነቱን ጨምሩልን አልኩ። ስልኩን ያነሳው ሰውዬ (ስሙን አልጠራም፣ እሱ ያውቀዋል) «በጀት ዓመቱ ተዘግቷል፣ ውል ውል ነው፣ ሪፖርታችሁ 40 ካላለ ገንዘቡን ለማስመለስ እንገደዳለን» አለኝ። እኔ ብር የምበላ መስሎት ነው እንዲህ የሚያናግረኝ። ሁለት ሌሊት አልተኛሁም።

የትራንስፖርትም ነገር በጀቱ ላይ የለችም ነበር፣ ይሄም የእኔው ጥፋት ነው። ያዳነን የእኛው የጤፍ ነጋዴ ነው፣ ጤፍ አዲስ አበባ አራግፎ ባዶውን የሚመለስ አይሱዙ ላይ በነዳጅ ማገዣ ጫነልን። በዚያች 4,000 ማለት ነው።

ዋናው ህመም ግን ማከፋፈሉ ነው። 40 ልጅ መዝግበን፣ ቤት ለቤት ሄደን ለክተን፣ ለወላጅ ሁሉ «ይመጣል» ብለናል። ከ24ቱ ውጪ ለሆኑት 16 ወላጆች ደውለን እንድናሳውቅ ተከፋፈልን፣ አንዱ ስልክ አልሰራ ብሎኝ ነገ እደውላለሁ እያልኩ ሳልደውል ቀረሁ። በማከፋፈያው ቀን ጠዋት አንድ አባት ከገጠር የ11 ዓመት ልጁን በጀርባው አዝሎ በር ላይ ቆመ። ልጁ አዲስ ሸሚዝ ለብሷል፣ የአንገቱ ቁልፍ ሁሉ ተቆልፎ። ሊስቱን እያየሁ ስሙን የፈለግኩ አስመሰልኩ፣ እንደሌለ እያወቅኩ። አባትየው ገባውና «ግድ የለም እታለም፣ የመጣነው ለማየትም ነው» አለኝ። ልጁን ሳያወርድ ነው የተመለሰው።

ከዛ በኋላ ያደረግነው፣ የነጋዴውን አዲስ ዋጋ በማህተም አስጻፍኩ፣ የድሮውን ፕሮፎርማ አያያዝኩ፣ የ24ቱን ልጆች ፎቶና ፊርማ ጨመርኩና ቀሪው 16 በምን ጊዜ እንደሚሟላ ፕሮግራም ይዤ በአካል ሄድኩ። ሰውዬውን ዘልዬ ኃላፊዋ ጋ ገባሁ። እሷ ሰው ናት፣ አንብባ ስድስት ወር ጨመረችልን፣ በጽሁፍ። 384,000 ግን ከራሳችን ነው የወጣው፣ እድሮች አዋጡ፣ የዩኒቨርሲቲ መምህራን ከደመወዛቸው አዋጡ፣ ወፍጮ ቤት ያለው አንድ ሰው ብቻውን የሁለት ገዛ። የመጨረሻዎቹ ሰባቱ የገቡት ግንቦት 2017 ነው፣ ከተጨመረልንም ቀን ሁለት ወር ገደማ አልፎ፣ ደግነቱ ዝም አሉን። ያንን ልጅ ዊልቸሩን ይዤ እኔው ራሴ ነኝ ቤቱ የሄድኩት። መንገዱ ድንጋይ ስለሆነ የትንንሽ ጎማ ዊልቸር እዛ እንደማይሄድም ያኔ ነው ያየሁት፣ ለገጠር ልጅ ባለ ሦስት ጎማውን ጠይቁ፣ ይሄም ይግባ ፕሮፖዛላችሁ ላይ።

4 ይሁን 5 ቁጥሩ ጠፋብኝ። ውሉ ላይ «በገንዘቡ መጠን ልክ፣ በግዢው ቀን በሚኖር የገበያ ዋጋ» የሚል ይግባበት። የዕቃ ቁጥር የግድ ካሉ «እስከ 40» ይባል። በጀቱ ላይ የዋጋ ጭማሪ መጠባበቂያ አንድ መስመር ያዙ፣ ከቆረጡት ይቁረጡት። ለመፈረም ከመሄዳችሁ በፊት ባለው ሳምንት ፕሮፎርማ አድሱና አዲሱን ዋጋ በደብዳቤ አሳውቁ፣ እኔ ያን ሳምንት ለፊርማ የምለብሰውን ቀሚስ ነበር የማሰፋው።

ሎጎ ላይም ተጨቃጭቀናል። ዊልቸሩ መደገፊያ ጀርባ ላይ ትልቅ ስቲከር ይለጠፍ አሉ። እኔ የልጄ ጀርባ ቢልቦርድ አይደለም አልኩ፣ በባነርና በማህበሩ ግድግዳ ላይ ተስማማን። ስለዚህ ሎጎው የት እንደሚሆን እናንተ ቀድማችሁ ጻፉት፣ እነሱ ከጻፉት ይበዛል። የቢራ ፋብሪካ ብር እንቀበል አንቀበል ብለንም አንድ ሙሉ እሁድ ተነታርከናል፣ ሽማግሌዎቹ አይሆንም ሲሉ አንዷ እናት «ከእናንተ መሀል ጠላ የማይጠመቅበት ቤት ያለው እጁን ያውጣ» ብላ ስብሰባውን ዘጋችው። ግን ለልጆች ዝግጅት የመጠጥ ሎጎ አንሰቅልም ብለን ወሰንን።

«ጉዳያችሁን አስጨርሳለሁ፣ 10 ፐርሰንት» የሚል ሰው ይመጣል፣ መምጣቱ አይቀርም። እኛ ጋ የመጣው የአገር ልጅ ነኝ ብሎ ነው። እሺም እምቢም ሳትሉት ጥያቄውን በጽሁፍ ላክልን በሉት፣ ከዛ በኋላ አታገኙትም።

የውጭ ካምፓኒ ፋውንዴሽን ያልከው ደግሞ ለጊዜው ተወው። የአሜሪካዎቹ ለውጭ ማህበር ሲሰጡ ወይ ማህበሩ በእነሱ ህግ ካለው በጎ አድራጎት ጋር እኩል መሆኑን ማስመርመር ወይ ብሩን እስከመጨረሻ ተከታትለው ሪፖርት ማድረግ አለባቸው፣ ለትንሽ ብር ይሄን ሁሉ ጣጣ ማን ያያል። ከፈለጋችሁ አዲስ አበባ ካለ ትልቅ ድርጅት ስር በአጋርነት ግቡ።

ዘንድሮ በዚህ ሁሉ ተምረን ሌላ ድርጅት ጋ ገብተን በሁለት ወር 300,000 አግኝተናል፣ ውሉን እኔ ነኝ አርቅቄ የሰጠኋቸው፣ አንድ ቃል ብቻ ነው የቀየሩት። ኮፒውን በውስጥ መስመር እልክልሃለሁ፣ መብራት ካለ ማታ ከ3 ሰዓት በኋላ ነኝ። ግን መጀመሪያ አንድ ነገር መልስልኝ፣ ያስገባችሁት ፕሮፎርማ የመቼ ነው?