ስድስት ቦምብ ሠርታ ስላፈረሰችው ደቡብ አፍሪካ፦ ጥያቄና መልስ

ስለ አፓርታይድ ዘመን ኒውክሌር ቦምብ ጠይቁኝ ብዬ ነበር፤ ጥያቄው ጎረፈ። የቻልኩትን እነሆ። ዓመቶቹ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ የእውነት ነበራቸው ወይስ ወሬ ነው?

መልስ፦ ነበራቸው። ስድስቱ ያለቁ፣ ሰባተኛው የተጀመረ። ፕሬዚዳንት ዴ ክለርክ ማርች 24 ቀን 1993 ፓርላማ ፊት ቆመው አመኑ። ያኔ ግን ሁሉም ፈርሰው አልቀዋል።

ጥያቄ፦ ምን ዓይነት ቦምብ ነው?

መልስ፦ ሂሮሺማ ላይ የተጣለው ዓይነት። መድፍ አስቡ። በቱቦው ውስጥ አንዱ የዩራኒየም ቁራጭ ተተኩሶ ሌላው ላይ ሲገጥም ይፈነዳል። አሠራሩ ቀላል ነው፤ አሳሩ ዩራኒየሙን ማበልጸግ፣ ማለትም ለፍንዳታ የሚሆነውን ዓይነት ድርሻ ማብዛት ላይ ነው። ለአንዱ ቦምብ 55 ኪሎ ገደማ ይፈልጋል። ያበለጸጉት ከፕሪቶሪያ በስተምዕራብ፣ ቫሊንዳባ በሚባል ቦታ ነው። የስሙ ትርጉም «ስለዚህ ጉዳይ አናወራም» እንደማለት ነው። አፋቸውን ዘግተው የሠሩበት ቦታ ስም ይሄ መሆኑ ሁሌም ያስቀኛል።

ጥያቄ፦ ማንን ሊመቱበት ነው? ጎረቤቶቻቸው እኮ ኒውክሌር የላቸውም።

መልስ፦ ዋናው ጥያቄ ይሄ ነው። ቦምቡ ጠላት ላይ ሊጣል አልታሰበም። የታሰበው የዋሽንግተንን እጅ ለመጠምዘዝ ነው። ዕቅዱ ሦስት ደረጃ ነበረው። መጀመሪያ ዝም ማለት፦ አለንም የለንምም አይሉም። የኩባ ወታደሮች ከነበሩባት አንጎላ በኩል አገሪቱ ላይ የቁርጥ አደጋ ከመጣ፣ ለአሜሪካና ለመሳሰሉት በጆሯቸው ሹክ ማለት፦ «አለን፤ ካልደረሳችሁልን እንጃ»። ያም ካልሠራ በአደባባይ ማወጅ ወይም ከመሬት በታች ማፈንዳት። ከዚያ በኋላ ያለው እርምጃ በዕቅዱ ውስጥ አልነበረም። ሶቪየት ኅብረት ላይ ቢተኩሱ አጸፋው ራሳቸውን እንደሚያጠፋ ያውቁታል።

ጥያቄ፦ አንጎላ የነበሩት ኩባዎች እኛ ጋ የነበሩት ናቸው?

መልስ፦ አዎ ወንድሜ፣ የዚያው የኩባ ጦር ወታደሮች። አንጎላ የገቡት በ1975 ነው፤ ኦጋዴን ላይ ከእኛ ጎን የተሰለፉት ከ1977 መጨረሻ ጀምሮ። በ1980ዎቹ መጨረሻ አንጎላ ውስጥ 50 ሺህ ገደማ ደርሰው ነበር። ፕሪቶሪያን እንቅልፍ የነሳት እሱ ነው።

ጥያቄ፦ ሞክረውታል?

መልስ፦ ካላሃሪ በረሃ፣ ቫስትራፕ ላይ ሁለት ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍረው ነበር። በ1977 የሶቪየት ሳተላይት አየባቸው፤ ሞስኮ ለአሜሪካ ነገረች፤ ጩኸቱ በዛና ዕቃቸውን ሰብስበው ሄዱ። ሴፕቴምበር 1979 ደግሞ አንድ የአሜሪካ ሳተላይት ከደቡብ አፍሪካ በስተደቡብ ባለው ባሕር ላይ የኒውክሌር ፍንዳታ የሚመስል ድርብ ብልጭታ መዝግቧል። እሱ እስካሁን ያከራክራል።

ጥያቄ፦ አንድ እብድ ጄኔራል ቢነሳባቸውስ?

መልስ፦ አስበውበታል። እያንዳንዱን ቦምብ ለሁለት ከፍለው፣ የፊቱን ክፍል በአንድ ካዝና የኋላውን በሌላ ቆልፈው ነው ያስቀመጡት። አንድ ሰው ብቻውን አይከፍተውም።

ጥያቄ፦ ያፈረሱት ማንዴላ እጅ እንዳይገባ ነው፤ አታሽሞንሙነው!

መልስ፦ እሺ፣ አላሽሞነሙንም። ዴ ክለርክ ያቀረቡት ምክንያት ኩባዎች እንዲወጡ በ1988 መፈራረሙን፣ የናሚቢያን ነፃነትና የበርሊን ግንብ መፍረስን ነው። እውነት ነው፤ የሚፈራው ጠላት ሄዷል። ግን ቀኖቹን እዩ። ማንዴላ የተፈቱት ፌብሩዋሪ 11 ቀን 1990። የማፍረሱ የጽሑፍ ትእዛዝ የወጣው በዚያው ወር በ26። ሐሳቡ ቀደም ብሎ ቢጀመርም፣ እኔ በበኩሌ ግጥምጥሞሽ ነው ብዬ አልውጠውም።

ጥያቄ፦ ዩክሬንም አስረክባለች፤ ምን ይለያቸዋል?

መልስ፦ ዩክሬን የሶቪየትን ነው የወረሰችው። ደቡብ አፍሪካ በገዛ እጇ የሠራችውን ነው ያፈረሰችው።

ጥያቄ፦ እኛንስ ይመለከተናል?

መልስ፦ አፍሪካን ከኒውክሌር መሣሪያ ነፃ የሚያደርገው ስምምነት ስሙ ፔሊንዳባ ነው፤ ከቫሊንዳባ አጠገብ ባለው የምርምር ጣቢያ ተሰየመ። ካይሮ ላይ በ1996 ለፊርማ ቀረበ፣ በ2009 ጸና። ሰነዱን በአደራ የያዘው እዚሁ አዲስ አበባ ያለው የአፍሪካ ኅብረት ነው።

ጥያቄ፦ ዩራኒየሙስ የት ገባ?

መልስ፦ ከቦምቦቹ ወጥቶ ቀለጠ። የተወሰነው ለሕክምና የሚውል አይሶቶፕ ማምረቻ ሆነ፤ ቀሪው ፔሊንዳባ ተቀምጧል። ኖቬምበር 2007 የታጠቁ ሰዎች በሌሊት የኤሌክትሪክ አጥሩን አልፈው ግቢው ውስጥ ገቡ። መቆጣጠሪያ ክፍሉ ድረስ ዘልቀው አንድ ሠራተኛ ደረቱን በጥይት መትተው አመለጡ። ዩራኒየሙ ጋ ግን አልደረሱም።